ኮፍያውን ያወለቀው ሰው

ስነግራት የኖርኩትን ድምፅ አልባ ፊልም ልጄ ስልኳ ላይ ፈልጋ ስትከፍትልኝ፣ ፊልሙ ምንም ሳይናገር ልጅ ሳለሁ ፊልሙን ያየሁበት የእህል መጋዘን ጀነሬተር ጆሮዬ ውስጥ ተነሣ፤ የናፍጣው ሽታም አብሮ መጣ።

አባቴ ከሰቆጣ ወደ አሰብ ወደብ ለጫኝነት ሥራ የሄደው በበጋ ነበር። ጦርነቱ መንገዱን ዘጋና ወሬው ጠፋ። እናቴ ብርቄ አልቃሽ ነበረች፤ ሰው በሞተበት ቤት ሁሉ እየተጠራች፣ የሟችን ጋቢና ዱላ እያየች ግጥም አውጥታ አገሩን ታስለቅስ ነበር። ለራሷ ባል ግን ማልቀስ አትችልም፣ መርዶ አልመጣማ! መርዶ ነጋሪ ደጅ ላይ ሳይቆም የሚያለቅስ ሰው በእኛ ዘንድ ሟርተኛ ነው። ስለዚህ ባለ ባልም መበለትም ሳትሆን ትኖር ነበር፤ እኔም አባት ይኑረኝ አይኑረኝ አላውቅም ነበር።

ክረምት ሲገባ፣ ውኃ ጉድጓድ ሊቆፍር የመጣ አንድ የዴንማርክ ሰው፣ ዝናቡ ሥራ ሲያስፈታው የእህል መጋዘኑን መስኮቶች በጆንያ ሸፍኖ የአገሩን የጥንት ፊልም ያሳየን ጀመር። ሰዎቹ አፋቸውን ያንቀሳቅሳሉ፣ ድምፅ የለም፤ መሀል መሀል ላይ ጽሑፍ ይመጣል፣ የሚያነበው የለም።

«ድምፃቸውን ምን በላው?» አለ ጎረቤታችን አያ ደሱ።

«ብርዱ ነዋ! አገራቸው በረዶ ነው አሉ» አለው አንዱ።

«እንግዲያ ብርቄ ትንገረን፤ ለማታውቀው ሟች ሰው ታስለቅስ የለ!» አለ አያ ደሱ።

እናቴ ግድግዳውን እያየች ታሪኩን ትፈጥርልን ጀመር። መርከበኛው ሚስቱን ስሞ ሄደ፣ ሴትዮዋም ወደቡ ላይ ቆማ ቀረች። መጨረሻ ላይ ጢሙ ደረቱን የሸፈነ ሰው መጣና በሯ ላይ ቆመ፤ ሳይገባ ኮፍያውን አውልቆ አንገቱን ደፋ። ሴትዮዋ አየችውና አፏን ከፍታ ወደቀች። ይኼን የማያውቅ ሰው መጋዘኑ ውስጥ አልነበረም፤ መርዶ ነው።

«ያው መጣልሽ፣ እህቴ» አለቻት እናቴ የግድግዳዋን ሴት፣ ነጠላዋንም ወገቧ ላይ አሥራ ደረቷን እየመታች ሙሾውን አወረደችው፦

«ሸኝቼው ነበረ ጨው ውኃ ዳር ድረስ፣
ኮፍያው መጣ ዛሬ እሱ ሳይመለስ።»

ቀጥላ የጠራችው ስም የአባቴን ነበር። ሰው ሁሉ አብሯት አለቀሰ። የዴንማርኩ ሰው ተደናግጦ እጁን እያወዛወዘ «አይ! አይ!» ይል ነበር፤ ከዚያ ያለፈ አማርኛ አልነበረውም። ማን ይስማው!

መስከረም ሲጠባ እናቴ ጥቁር ለብሳ የአባቴን ተዝካር አወጣች።

«እማ፣ የሞተው የፈረንጁ ነው የኛ?» አልኳት።

«ዝም በል። የሞተው ሰው ነው» አለችኝ።

በሌላው ዓመት ጥር አያ ደሱን አገባች።

እኔ ፊደል የቆጠርኩት ጢሜ ከሸበተ በኋላ ነው። ልጄ የፊልሙን ጽሑፍ በስልኳ ወደ አማርኛ መለሰችልኝና ራሴ አነበብኩት፦ «እኔ ነኝ፣ ባልሽ።» ጢማሙ ራሱ ባልየው ኖሯል! ማንበብ ጥሩ ነው ይላሉ፤ ለእኔ ያመጣልኝ ይኼንን ነው። ድርሰቱን የጻፈችው ሴት ናት አለችኝ ልጄ፤ ከስሟ በቀር ግን ምንም አላገኘችላትም። የእናቴንስ ከሰቆጣ ውጭ ማን ያውቃል? አንዷ ሰውዬውን አመጣችው፣ አንዷ ቀበረችው፤ ሁለቱም የሉም፣ የምጠይቀው የለኝም።

ዛሬ ሰቆጣ ውስጥ ፊልሙ በየኪሱ ይለፈልፋል፣ መርዶውም በስልክ ይመጣል። እኔ ግን አንድ ጢማም እንግዳ ደጄ ላይ ቆሞ ኮፍያውን ሲያወልቅ ልጩህ ወይስ ልቀፈው፣ አላውቅም።