የጀርመኑን ማሊያ ያጠብኩ ዕለት

ያለፈው ዓመት ፋሲካ በዋለ በሳምንቱ ነው። ማክሰኞ ጠዋት ነጠላዬ ላይ የተንጠባጠበውን የጧፍ ሰም በጥፍሬ እየፋቅሁ ነበር። ያ ቀን ከልቤ ያልወጣው ደግ ሥራ ሠራሁ ወይስ አጠፋሁ የሚለውን እስከ ዛሬ ስላላወቅኩት ነው። ይህን የምትጽፍልኝ የልጅ ልጄ ሶስና ናት። እኔ ፊደል አልቆጠርኩም። እንዳልኩሽ ጻፊው፣ አታሳምሪው ብያታለሁ።

የምንኖረው ስቶክሆልም፣ ሃግሴትራ ነው። ምድር ቤቱ ውስጥ የፎቁ ሰው ሁሉ ልብስ የሚያጥብበት ክፍል አለ፣ ትቬትስቱጋ ይሉታል፣ ሰው ሁሉ ሰዓት ይዞ በተራው ይገባበታል፣ የእኔ ማክሰኞ ጠዋት ነው። ሰሙን ፍቄ ስጨርስ ነጠላዬን ይዤ ወረድኩ።

ማድረቂያው ጋ አንድ የኳስ ማሊያ ብቻውን ተሰቅሏል። ድሮ ነጭ የነበረ ነው። ደረቱ ሙሉ የደረቀ ጭቃ፣ ትከሻው ላይ ደግሞ እጅ የሚያስገባ ቀዳዳ። የማን እንደሆነ አውቃለሁ። ከእኛ በላይ ለብቻው የሚኖር አንድ ጀርመን ሽማግሌ አለ፣ ስሙ አፌ ላይ አይያዝልኝም። ሚስቱ የዚህ አገር ሰው ነበረች፣ ሞታበታለች። ከዚያ ሁለት ቀን ቀደም ብሎ እሱ ራሱ ሲሰቅለው አይቼዋለሁ።

አንጀቴን በላው። ዓይኑ ደክሞ ሳያጥበው ሰቀለው አልኩ። እኛ አገር ብቻውን የቀረ ሽማግሌ ልብስ ቢያድፍ ማንም ያጥብለታል እንጂ ማን ያስፈቅዳል?

አወረድኩትና ዘፈዘፍኩት። በሳሙና አሸሁት፣ በረኪና ጠብ አደረግሁበት፣ እንደገና አሸሁት። የማይለቅ ጭቃ ነው፣ ክንዴ እስኪዝል ታገለኝ። ሲደርቅ ቤት ወስጄ ቀዳዳውን ሰፋሁለት። በስፌት ማንም አያማኝም። ተኩሼ፣ አጥፌ፣ በሩን አንኳኩቼ ሰጠሁት። ምርቃቱን ነበር የምጠብቀው።

ዘረጋውና ፊቱ ወረቀት መሰለ። አገላበጠው። የሰፋሁትን በጣቱ ዳሰሰው። ከዚያ ደረጃው ላይ ቁጭ አለና ይናገር ጀመር። የሚናገረው የዚህን አገር ቋንቋ ነው፣ እኔ ደግሞ የለኝም። ሶስና የዚያን ቀን ትምህርት አልነበራትም፣ ጠራኋት። ጎንበስ ብላ ሰማችውና ወደኔ ዞረች።

“እማዬ፣ ምን አደረግሽ?” አለችኝ።

ነገሩ እንዲህ ነው አለች። ሰውዬው በጉብዝናው ትልቅ ኳስ ተጫዋች ነበር። ዕድሜውን ሙሉ የተጫወተው ለአንድ ክለብ፣ ለተወለደበት ከተማ ነው። አማካይ ነበር። ጎል ያገባል ወይ ብላት ብዙም አያገባም አለች። በር ይጠብቃል ወይ ብላት አይጠብቅም። ታዲያ ምን ይሠራል? ለሚያገቡት ያቀብላል አለችኝ።

የመጨረሻ ቀኑ ዝናብ ነበር። አንዱ ከኋላ ትከሻውን ይዞ ማሊያውን ሲቀደው እሱ እየተጎተተ ኳሷን አቀበለ። ጓደኛው አገባት። እሱ ግን እዚያው ወድቆ ጉልበቱ ተሰበረ፣ ከዚያ ወዲያ ሜዳ አልገባም። ሰው የሚያስታውሰው ያገባውን ነው። ለእሱ የቀረችው ያቺ ማሊያ ናት። እስከ ዛሬ ሳትታጠብ አስቀምጧታል። ምድር ቤት ያለው ዕቃ ማስቀመጫው ውሃ ገብቶበት ስለረጠበች ነው ልትናፈስ የሰቀላት። ያን ዕለት ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ የክለቡ ሰዎች ከጀርመን መጥተው ሊወስዷት ነው፣ የድሮ ነገር የሚያሳዩበት ቤት ሊሰቅሏት።

“ጭቃውን ነው የሚፈልጉት?” አልኳት።

“አዎ፣ ጭቃውን።”

ግራ ገባኝ። ዕድሜዬን ሙሉ ጭቃ ሳጥብ ኖሬ፣ ጭቃ የሚያስቀምጥ ሰው አላየሁም። ቆይቼ ደግሞ፣ እኛስ ከጸበል ቦታ ያመጣነውን እምነት በጨርቅ ቋጥረን አናኖርም ወይ አልኩ። እሱም አፈር ነው። ያኔ ደነገጥኩ።

ሶስናን እንዲህ በይልኝ አልኳት። ስፌቱን አሁኑኑ እተረትረዋለሁ፣ አውቶቡስ ማቆሚያው ጋ ጭቃ ሞልቷል፣ እንደነበረ አድርጌ እለቀልቅለታለሁ። አልልም አለች። በይው ብዬ ተቆጣኋት። ስትነግረው ቀና ብሎ አየኝና ከጉሮሮው አንድ ድምፅ አወጣ። ሳቅ ይሁን ልቅሶ አልለየሁትም።

ዘጠኝ ሰዓት ላይ ሶስናን ይዤ ወደ እሱ ቤት ወጣሁ። እኔ ነኝ ያጠብኩት ልላቸው ነው፣ እሱ ላይ እንዳይፈርዱ። የመጡት አንድ ወንድና አንዲት ሴት ናቸው። ሶስና ነገረቻቸው። እርስ በርሳቸው በጀርመንኛ ብዙ አወሩ፣ እሱንማ ሶስናም አትሰማው። ሴትዮዋ ማሊያውን መስኮት ላይ ይዛ ስፌቴን ክር በክር አየችው። ሽማግሌው ብድግ አለ። የገዛ ትከሻውን በእጁ ጨምድዶ፣ እንዴት እንደጎተቱት እያሳየ፣ በዚያ በሚያነክስ እግሩ ምንጣፉ ላይ ሁለት ሦስት እርምጃ ሮጠ። ወለም እንዳይለው ፈራሁ። ሴትዮዋ ዓይኗን ጠረገች።

ከዚያ በነጭ ወረቀት ጠቅልለው፣ ሣጥን ውስጥ አስገብተው ወሰዷት። ጭቃው ከሌለ ለምን እንደወሰዷት አልገባኝም። ሶስና ሽማግሌውን ጠይቃው፣ ጎረቤት እንዳጠባት ከሥሯ ይጽፋሉ አላት። አያትሽ ባትነካት ይሻል ነበርም ብሏታል። ሁለቱንም ባንድ አፍ።

እኔ አሁንም አልቆረጠልኝም። አንዳንድ ቀን አፍራለሁ፣ የሰውዬውን አንዲት ቀን ነው ያጠብኩበት እላለሁ። አንዳንድ ቀን ደግሞ ያደፈ ልብስ አይቶ ማለፍ እንዴት ይቻላል እላለሁ። አሁን የሰው ልብስ ሳይ እጄን ወደ ኋላዬ አደርጋለሁ።

ያኔ ማሊያዋ በሄደች በሳምንቱ፣ ማክሰኞ ጠዋት ልብሴን ሰብስቤ ልወርድ ስል ዘሃራ በሬን አንኳኳች። የወሎ ልጅ ናት፣ ፊት ለፊታችን ያለችው ጎረቤቴ፣ ከአዳር ሥራዋ መግባቷ ነበር። “እማማ፣” አለችኝ፣ “ጀርመኑ የማጠቢያ ሰዓቱን ለውጦ ከእርስዎ ቀጥሎ ያዘ። ልብሱን ሊጠብቅ ይሁን ሊያጫውትዎ እንጃ። ብቻ አሁን ሁለት ወንበር ተሸክሞ ወደ ታች ሲወርድ አገኘሁት።”