ሟቹ አልሞትም ያለ ዕለት

በሰፈሩ ስሙን የሚያውቅ የለም፤ «ሟቹ» ነው የሚባለው። በቴሌቪዥን ያልሞተው የሞት ዓይነት የለም። መኪና ገጭቶታል፣ ተመርዟል፣ ከደረጃ ተወርውሯል፤ አንዴማ የሥጋ ቁራጭ አንቆት ሞቷል። ፊቱ ብቅ ሲል ተመልካቹ፣ «ይሄ ሰውዬ አይሰነብትም» ይላል። አይሰነብትምም። ዋናዎቹ ተዋንያን እስከ መጨረሻው ክፍል ሲፋቀሩና ሲካካዱ እሱ ቀድሞ ተቀብሮ ቤቱ ገብቷል።

ዳቦ ሊገዛ ሲሄድ ባለሱቁ፣ «ሟቹ! ዛሬ ደግሞ በምን ሞትክ?» ይለዋል።

«በአንተ ደረቅ ዳቦ» ብሎ ያልፋል። ሙያው ነው፤ አያፍርበትም። ደግሞስ መሞት ቀላል ይመስላችኋል? ዝንብ አፍንጫ ላይ ቁጭ ብላ እግሯን ስታሻሽ ቅንድብን አለማንቀሳቀስ የት ተገኝቶ!

ሞቱን ያልቻለችው እናቱ ናት። እሱ በሞተ ቁጥር ስልኩ ይጮኻል።

«አለህ?»

«አለሁ እማዬ። ድራማ እኮ ነው።»

«ድራማ መሆኑ መች ጠፋኝ። ድምፅህን ልስማ ብዬ ነው።»

ታላቅ ወንድሙን ገና በጎልማሳነቱ በሽታ ከነጠቃት ወዲህ እንዲህ ሆናለች። አንድ ቀን ግን መደወሉን ትታ ቤቱ ድረስ መጣች። ነጠላ ጫማዋን እንኳ ሳታወልቅ፣ «አንዱን ልጄን አንዴ ቀበርኩ። አንተን ስንት ጊዜ ልቅበር? እስቲ አንድ ጊዜ እንኳ እስከ መጨረሻው ኑርልኝ» አለችው።

«በሚቀጥለውማ፣ ልሙት፣ አልሞትም!» ብሎ ማለ። መሐላውን ሲሰሙት ሁለቱም ሳቁ፤ እሱ ግን የምሩን ነበር።

በሚቀጥለው ድራማ ዋናዋን ገጸ ባሕርይ የምትጫወተው ልጅ አጎት፣ ልብስ ሰፊ ሆኖ እንዲሠራ ተጠራ። ከሁሉ በፊት፣ «እሞታለሁ ወይስ እኖራለሁ?» ሲል ጠየቀ።

«ትኖራለህ ጋሼ፣ ቃሌ ነው» አለው ዳይሬክተሩ።

ቃሉ ግን ከድራማው እኩሌታ አላለፈም። «ጋሼ፣ ታሪኩ ቀዘቀዘብን። አንድ ሞት ያስፈልገናል፤ አንተ ደግሞ ታውቅበታለህ» አለ። ሌቦች ገፍትረው በልብስ ስፌት ሱቁ መስኮት ይጥሉታል፣ እዚያው ይቀራል። ሰው የማይጎዳው የቀረጻ መስታወት ደግሞ ያለው አንድ ብቻ ስለሆነ፣ በአንዴ መሳካት አለበት።

ሟቹ ይህን ሲሰማ ሄዶ መስኮቱ አጠገብ ቆመ። ከተከራከረ በእሱ ቦታ ሌላ ሰው ቀጥረው እንደሚጥሉ ያውቃላ!

ሌቦቹ ገፈተሩት። መስታወቱ ዱቄት ሆነ። ልጅቷ ሮጣ መጥታ ራሱን አቀፈችና፣ «አጎቴ! አጎቴ!» እያለች ተነፋረቀች። እሱም እንደ ልማዱ ተጋድሞ አንዲት ቅንድብ አላንቀሳቀሰም። ቀጥሎ ሳል ሳል አለው። አንድ ዓይኑን ገለጠ።

«አትጩሂ እንጂ» አላት። «አለሁ።»

ልጅቷ ክው አለች፤ ከዚያ የእውነቷን ስቅስቅ ብላ አለቀሰች። ካሜራማኑ መቅረጹን አላቆመም።

ዳይሬክተሩ ባርኔጣውን መሬት ላይ ወረወረ። «ምን እየሠራህ ነው?!»

«እየኖርኩ።»

«ድገሙት!» አለ ዳይሬክተሩ፤ መስታወቱ አልቆ ምኑን ይድገሙት? «ከዚህ በኋላ እኔ ጋ ሥራ የለህም!»

«ስንት ጊዜ ሞቼልሃለሁ! አንዴ ብኖርብህ ምን አለበት?» አለ ሟቹ፣ የመስታወት ፍርፋሪውን ከትከሻው እያራገፈ።

በኋላ፣ «ሆስፒታል ሞተ» ለማስባል ተሞክሮ ነበር። ልጅቷ ግን፣ «አንዴ አልቅሼለታለሁ፤ ሁለተኛ እንባ የለኝም» ብላ አሻፈረኝ አለች። ሲያቅታቸው ክንዱን በፋሻ ጠቅልለው፣ የሚናገራት አንዲት ቃል ሳይሰጡት፣ ከስፌት መኪናው ጀርባ ጥግ ላይ አስቀመጡት። ቅጣት መሆኑ ነው። እሱ ግን ደረቱን ነፍቶ ተቀመጠ። ዋናዎቹ ሲሳሳሙ ከጀርባ አለ፤ ሲጣሉም አለ። የመጨረሻው ክፍል የመጨረሻ ምስል ላይ ሳይቀር፣ በስተግራ በኩል ያ ፋሻ ይታያል።

የመጨረሻው ክፍል በታየ ዕለት ማታ ስልኩን ጭኑ ላይ አድርጎ ጠበቀ። አልጮኸም። ጎረቤት ሁሉ ቴሌቪዥኑን ዘጋ፤ አሁንም ዝም። አሟት ይሆን ብሎ ደነገጠና ራሱ ደወለ።

«እማዬ፣ ምነው ሳትደውዪ ቀረሽ?»

«ምን ብዬ እደውላለሁ?» አለችው። «አየሁህ እኮ። አለህ።»