የሽማግሌ አሳሄል ሁለት መበለቶች

ሎቪና ትሬድዌል ባሏ መገደሉን የሰማችው ደጃፏ ላይ ተቀምጣ፣ ለባርኔጣ የሚሆን የስንዴ አገዳ እየጎነጎነች ነው። በዚያን ቀን ከምሥራቅ ፖስታ የሚያመጣው ጋሪ ገብቶ ነበር። የሰበካችን አለቃ ወንድም ታርልተን ቆቡን አውልቆ በእጁ እንደያዘ የአጥሯን በር ከፍቶ ገባ። እኔ ጎረቤቷ ነኝ፤ የሚለየን የመስኖ ቦይ ብቻ ነው። ከቦዩ ወዲህ ልብስ ሳሰጣ ስለነበር ሁሉንም ሰምቻለሁ።

«እህት ሎቪና፣ ጌታ ያጽናሽ። ወንድም አሳሄልን ገደሉት» አላት።

ሎቪና አገዳውን ጭኗ ላይ አስቀመጠች። ከዚያ፣

«ሲሞት አብራው ነበረች?» አለች።

ሰውየው ግራ ገባው። «ማን?»

«ማን እንደሆነች እርስዎም ያውቃሉ።»

እኔ ይህንን ለማንም አልተናገርኩም። ባሏ የሞተባት ሴት መጀመሪያ ከአፏ የወጣው ይህ ነው ብል ማን ያምነኛል?

ሰዉ ሞርሞን ይለናል፤ እኛ ራሳችንን ቅዱሳን እንላለን። ተሳድደን፣ ቤታችን ተቃጥሎ፣ በረሃውን በበሬ ጋሪ አቋርጠን ወደ ዩታ ከገባን አሥረኛው ዓመት ነበር። አሳሄል ትሬድዌል ከቀደሙት ሰባኪዎቻችን አንዱ ነው። ድምፁ ሸለቆውን ይሞላል፤ እሱ ሲናገር የሚያለቅስ ሕፃን እንኳ ዝም ይላል ይባልለት ነበር። ሎቪና የበርሜል ሠሪ ልጅ ነች። ፊቷ በጠቃጠቆ የተሞላ፣ እጇ እንደ ወንድ እጅ የሻከረ፣ ሥራ የማይደክማት ሴት። ያገባችው ሁለተኛ ሚስት ሆና ነው። የመጀመሪያዋ ሚስቱ ፊቢ በረሃው ላይ በወባ ሞተች። ከዚያ ወዲያ ስምንት ዓመት ሙሉ ቤቱም ባሉም የሎቪና ብቻ ሆኑ።

«ፊቢ በኔ ስትቀና ይገርመኝ ነበር» አለችኝ አንድ ጊዜ። «ምን ወሰድኩባት? እላለሁ በሆዴ። ሞኝ ነበርኩ፣ ዶርካስ።»

አሳሄል በምሥራቅ ባሉት የወንዝ ዳር ከተሞች እንዲሰብክ በተላከ በዓመቱ፣ ከሱ አንድ ደብዳቤ መጣላት። ኮርዴሊያ የምትባል ሴት አጥምቋል። ሴትዮዋ ቡርል ኬንድሪክ የሚባል ሰካራም ከብት ነጋዴ ሚስት ነች፤ ከዱላው ሸሽታ ወጥታለች። አሳሄል ሊያገባት አስቧል። በሥርዓታችን ደግሞ ባል ሌላ ሚስት ሲያመጣ የፊተኛዋ ፈቃድ ይጠየቃል። «ቃልሽን ሳልሰማ ምንም አላደርግም። ከዚህም አልነሳም» ብሎ ጽፎላታል።

ሎቪና ደብዳቤውን አጥፋ ዱቄት ዕቃው ውስጥ ሸሸገችው። የመጀመሪያው ፖስታ ጋሪ ወደ ምሥራቅ ሲመለስ አልጻፈችም። ሁለተኛው ሲሄድም አልጻፈችም። «እምቢ» ብትለው ይቀየማታል፤ «እሺ» እንዳትለው ደግሞ እጇ አልታዘዝ አላት። ሦስተኛው ሲሄድ ብዕሩን ቀለም ነክራ ቀለሙ እስኪደርቅ ተቀመጠች። ከዚያ ተነስታ ዱባ ልትከትፍ ገባች። ዝርዝሩን ሁሉ የነገረችኝ ከብዙ ዓመታት በኋላ ነው።

እሷ ዝም ባለችበት በዚያ ክረምት ኬንድሪክ የሚስቱን ዱካ ሲያነፈንፍ ከረመ። በጸደይ አገኛቸው። አሳሄልን ከአንድ መንደር ውጭ፣ በፈረስ ሲሄድ ተከትሎ ጎኑን በጩቤ ወጋው፤ ሲወድቅ ደግሞ ደረቱን በሽጉጥ መታው። ማንም አልያዘው፣ ማንም አልጠየቀው። ሰዉ «ሚስቱን ያስነጠቀ ባል ምን ያድርግ?» አለ አሉ።

ሰንበት በጸሎት ቤት የኮርዴሊያ ደብዳቤ ተነበበ። ራሷን «መበለቱ» ብላለች። ጭንቅላቱን ታቅፋው ሳለ እንደሞተ፣ በመጨረሻ ትንፋሹ ስለ እምነቱ እንደመሰከረ ጽፋለች። ሴቱ ሁሉ አለቀሰ። ሎቪና አላለቀሰችም። ሁለት እጆቿን ጭኗ ላይ ቆልፋ መሬት መሬቱን ታያለች። ስንወጣ አንዷ አሮጊት አቅፋት፣ «አይዞሽ ልጄ፣ ቢያንስ የሚወዳት ሰው እጅ ላይ ነው የሞተው» አለቻት። ሎቪና ራሷን አስለቅቃ ሄደች።

ኮርዴሊያ በመከር ወቅት ከስደተኞች ጋሪ ጋር ደረሰች። ወንድም ታርልተን፣ «ቤቱ የሱ ነው፤ እሷም የሱ ነች። ተቀበያት» ብሎ አዘዘ። ሎቪና ወጥታ በር ላይ ቆመች። ከጋሪው የወረደችው ሴት ቀጭን፣ ጥርሷ ነጭ፣ አቧራ ውስጥ እንኳ የምታምር ናት።

«እህት ሎቪና፣ ስለ አንቺ ስንት ነገር ሰምቻለሁ» አለች እጇን ዘርግታ።

«እኔ ስለ አንቺ የሰማሁት አንድ ነገር ብቻ ነው። ግቢ፣ ውሃ አለ፤ ታጠቢ» አለች ሎቪና።

ኮርዴሊያ ከዕቃዋ ሁሉ መጀመሪያ ያወጣችው የአሳሄልን ካፖርት ነበር። ደረቱ ላይ የጥይት ቀዳዳ፣ ጎኑ ላይ የጩቤ ቅዳጅ፣ ዙሪያውን ደሙ ደርቆ እንደ ዝገት ቡናማ ሆኗል። ከዚያ ቀን ጀምሮ ቤቱ የሰው መጉረፊያ ሆነ። ከሌላ ሰፈር ሳይቀር እየመጡ ካፖርቱን ይዳስሳሉ፤ ኮርዴሊያም ታወራለች። «ጭንቅላቱን እንዲህ አድርጌ ጭኔ ላይ …» ስትል ድምፅዋ ይንቀጠቀጣል። ሎቪና ማዶ ቆማ ለእንግዶቹ የበቆሎ ቂጣ ትቆርሳለች፣ አሬራ ትቀዳለች። አንዳንዱ እሷን የቤቱ ሠራተኛ አድርጎ ያያታል።

ልጆቿ እንኳ በሳምንቱ፣ «አክስት ኮርዴሊያ፣ ስለ አባታችን ንገሪን» ማለት ጀመሩ። ትልቋ ልጇ፣ «እማዬ፣ አክስት ኮርዴሊያ እንዴት ታምራለች አይደል?» ስትላት ሎቪና፣ «ሥራ የማይነካው ነገር ሁሉ ያምራል» አለቻት።

አንድ ቀን ከሰዓት ሱፍ እየነደፉ ሳለ ሎቪናን አላስቻላትም። እኔም አብሬያቸው ነበርኩ።

«ኮርዴሊያ፣ አንድ ነገር ልጠይቅሽ። ስሜን ጠርቷል?»

«መቼ?»

«ሲሞት።»

ኮርዴሊያ ማበጠሪያዋን ይዛ ቀረች። «አዎ። ‹ሎቪናን በርቺ በያት› አለኝ።»

የሎቪና ፊት በራ። ሁለት ቀን ሙሉ ስትዘምር ሰማኋት። በሦስተኛው ቀን ግን ካፖርቱን ሊያዩ የመጡ ሁለት ሴቶች ፊት ኮርዴሊያ ታሪኩን እንደገና ስታወራ፣ ከእነሱ አንዷ፣ እህት ሮክሳና፣ «ለኔስ ለልጆቼስ ምንም አላለም?» ብላ ጠየቀች፤ አሳሄል ነበር ያጠመቃት። ኮርዴሊያም ቶሎ ብላ፣ «እንዴት አላለም! ‹እህት ሮክሳናን በርቺ በያት› ብሏል» አለች።

ሎቪና የያዘችውን ማሰሮ ጠረጴዛው ላይ አሳረፈችው። እንግዶቹ እስኪወጡ ጠበቀች። እኔም ልወጣ ስል፣ «ቁጭ በይ ዶርካስ፣ ምስክር እፈልጋለሁ» አለችኝ።

«አንቺ ሴት፣ ከጠዋት እስከ ማታ የምትዋሺው ለምንድን ነው? ሊሞት የሚያጣጥር ሰው የመንደሩን ሴት ሁሉ በስም ይጠራል?»

«እህት ሎቪና …»

«እህትሽ አይደለሁም፤ ጣውንትሽ ነኝ። አብረሽው ነበርሽ ወይስ አልነበርሽም?»

ኮርዴሊያ ገርጥታ ወንበሩ ላይ ተቀመጠች። ቆይታ ቆይታ፣ «አልነበርኩም» አለች። «ኬንድሪክ ጠዋት ይዞኝ ከተማው ውስጥ አንድ ቤት ቆልፎብኝ ነበር። አሳሄል የሞተው መንገድ ዳር ያለች አንዲት የገበሬ ሚስት ጋ ነው። እኔ የደረስኩት ሬሳው ሳጥን ውስጥ ከገባ በኋላ ነው። ካፖርቱን የሰጠችኝ እሷ ናት።»

ሎቪና በረጅሙ ተነፈሰች። ፊቷ ላይ ያየሁት ሐዘን አልነበረም፤ እግዜር ይቅር ይበለኝ፣ ደስታ ነበር።

«እንግዲህ አንቺም እንደኔው ሩቅ ነበርሽ።»

«ካንቺ የባሰ ሩቅ ነበርኩ» አለች ኮርዴሊያ፤ ማልቀስ ጀመረች። «ሚስቱም አልነበርኩም። አላገባኝም። ‹ሎቪና ሳትፈቅድ አይሆንም፣ ቃል ገብቼላታለሁ› ይላል። ክረምቱን ሙሉ ፖስታ ቤት ይመላለሳል። ‹እንሂድ፣ ይገድልሃል› ብዬ እግሩ ላይ ወደቅሁ። ‹መልሷ በሚቀጥለው ይመጣል› ይለኛል። ሎቪና ሎቪና ሎቪና! ከጠዋት እስከ ማታ ስምሽ ነው። እንዴት እንደጠላሁሽ! ደብዳቤያችን መንገድ ላይ ጠፋ ይሆናል እል ነበር …»

«አልጠፋም» አለች ሎቪና።

ኮርዴሊያ ቀና አለች።

«ደርሶኛል። በመከር ነው የደረሰኝ።» ሎቪና ጠረጴዛውን ያዘች። «ሦስት ጋሪ ሲመለስ አየሁ። ምንም አልጻፍኩም።»

ከዚያ ኮርዴሊያ ተነስታ ወደ ሎቪና ተጠጋች። የምትመታት መስሎኝ መሃላቸው ልገባ ስል ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ «እንግዲያው ኬንድሪክ ብቻውን አይደለም የገደለው» አለች። ሎቪና አልተከራከረቻትም።

በሳምንቱ ኮርዴሊያ ካፖርቱን ትታ ወደ ደቡብ ሰፈሮች ሄደች። በዓመቱ ሚስቱ የሞተችበት አንድ ባለ ወፍጮ አገባት። ስለ ሎቪና ዝምታ ለማንም አልተናገረችም፤ ሎቪናም ስለ እሷ ውሸት አልተናገረችም። በሰበካው መዝገብ አሁንም ሁለቱም የአሳሄል መበለቶች ናቸው። እኔንም ዝም በይ ያለኝ አልነበረም፤ ግን ዝም አልኩ።

ሎቪና ከዚያ በኋላ ብዙ ዓመት ኖረች። ልጆቿን ዳረች፣ የፖም ዛፎች ተከለች። ሊያገቧት የጠየቋት ነበሩ፤ «አንድ ጊዜ ተጠብቄያለሁ፣ ይበቃኛል» ትል ነበር። ሰዉ አነጋገሯ አይገባውም። እኔ ግን ያንን ስትል በኩራትና በሐዘን መሃል ቆማ አያታለሁ። ባሏ ለኮርዴሊያ ሳይሆን ለሷ ቃል ሲል መሞቱን እንደ ሽልማትም እንደ እሾህም ደረቷ ውስጥ ይዛው ኖረች።

ባቡር ሸለቆአችን ከገባ በኋላ፣ ስድሳ ዓመት ሲሆናት፣ መቃብሩን ልይ አለች። ብቻዋን እንዳትሄድ ተከተልኳት። አምስት ቀን በባቡር፣ አንድ ቀን በጋሪ ሄድን። መቃብሩ በአንድ እርሻ ጥግ፣ ዋርካ በሚያህል የጥድ ዛፍ ሥር ነው። ድንጋይ እንኳ አልቆመበትም፤ ያቺ የገበሬ ሚስት አጥር አጥራለት ከብት እንዳይረግጠው ትጠብቃለች። ወይዘሮ ዊንስሌት ትባላለች። አርጅታለች፣ ወገቧ ጎብጧል።

«ሚስቱ ነሽ?» አለቻት።

«ነኝ።»

«አንዷ ከዚህ በፊት መጥታ ነበር።»

«እሷ ሌላ ናት» አለች ሎቪና፤ ከዚያ፣ «ምን አለሽ? እውነቱን ንገሪኝ። ለማሳመር ብለሽ አንድም ቃል አትጨምሪ» አለቻት።

አሮጊቷ አሰበች። «ብዙም አላለ። ውሃ ለመነኝ። ቀና አድርጊኝ አለኝ፤ ከባድ ሰው ነበር፣ ወገቤን አሳመመኝ። ቁስሉን ሳጥብለት፣ ‹እጅሽ ለስላሳ ነው› አለኝ። ከዚያ ወዲያ አልተናገረም።»

ሎቪና ከኪሷ መሐረብ አውጥታ አፏን ጠረገች። እንደምታለቅስ ገመትኩ፤ ግን ዓይኗ አሮጊቷ እጅ ላይ ነበር። ምሳ ስንበላም ከዚያ እጅ ላይ ዓይኗን አላነሳችም።

ስንመለስ ጋሪው ላይ፣ «ምን ሆንሽ?» አልኳት።

«አሥራ ሁለት ዓመት ልብሱን አጠብኩ፣ እንጨቱን ፈለጥኩ፣ ልጆቹን ወለድኩ» አለች። «አንድ ቀን እንኳ ስለ እጄ ያለኝ ነገር የለም።»

«ሎቪና! ሰባ ዓመት ባለፋት አሮጊት ትቀኛለሽ?»

«ምን ላድርግ ዶርካስ፣ ቀናሁ» አለችና ፊቷን ወደ ሜዳው አዞረች።

ትንሽ እንደሄድን ጋሪ ነጂውን አቁም አለችው። ወርዳ ወደ እርሻው ተመለሰች። ለመንገድ ብለን የቋጠርነውን የደረቀ ፖም ሙሉውን ለወይዘሮ ዊንስሌት ሰጥታት ስትወጣ አየሁ። አሮጊቷ በሁለት እጇ አቅፋዋለች። ሎቪና ስትመጣ ቀሚሷን ሰብስባ ወደ ጋሪው ወጣች። እስከ ባቡር ጣቢያው ድረስ ሁለታችንም ተርበን ሄድን።