በወንድሜ አፍ የተናገርኩት

ወንድሜ በሠራው ፊልም ውስጥ የሚሰማው ድምፅ የእኔ ነው። እናቴ ይህን አታውቅም።

ከየት እንደምጀምር ይቸግረኛል። ከሕመሙ ልጀምር። ወንድሜ አንድ ቀን ሆዴን ብሎ ተኛ። በእኛ ሰፈር ሆዱን ያመመው ሰው ሁሉ ጨጓራ ነው የሚባለው። እሱም «ጨጓራዬ ነው፣ ይለቀኛል» አለ። እናቴ ተልባ በጠበጠችለት። ጎረቤቶችም መጥተው ጨጓራ ነው አሉ። ቤቴል ወደሚገኝ ክሊኒክ ስናደርሰው ትርፍ አንጀቱ ፈንድቶ ነበር። ከዚያ ወደ ሆስፒታል ተላከ። እዚያም ብዙ አልቆየም።

ድንኳን በራችን ላይ ተተከለ። እኛ ጴንጤዎች ነን፤ ሙሾ የለም፣ የቤተ ክርስቲያን ወጣቶች መጥተው ይዘምራሉ። ነገር ግን እድሩ የሰፈሩ ሁሉ ስለሆነ ሁሉም ሰው መጣ። አንዲት የእናቴ ጓደኛ ቴሌቪዥኑን በነጠላ ሸፈነችው።

ከሚመጡት መካከል ሁለቱ አንድም ቀን አልቀሩም። አንዱ አየር ጤና ሰፈር ጋራዥ ያላቸው ሽማግሌ ናቸው። ሁሉም ሰው ጋሼ ይላቸዋል። ሌላው ሠርግ እየቀረጸ የሚተዳደር ወጣት ነው። ወንድሜ ከእነዚህ ሰዎች ጋር ፊልም ይሠራ ነበር።

የፊልሙ ታሪክ ቀላል ነው። ጡረታ ሊወጡ የደረሱ መርማሪ ፖሊስ አሉ፤ ጋሼ ናቸው። ከኮሌጅ የመጣ አዲስ መርማሪ ይመደብላቸዋል፤ እሱ ወንድሜ ነው። ሁለቱ የመኪና ስፖኪዮ የሚሰርቅ ቡድን ያሳድዳሉ። ሠርግ ቀራጩ መርማሪን የመረጠው መርማሪ ሲቪል ስለሚለብስ ነው። የደንብ ልብስ ከየት ያመጣል? ጋሼ ደግሞ የተመረጡት ጋራዡም መኪናዎቹም የእሳቸው ስለሆኑ ነው። ከመኪና ጥገና በቀር የሠሩት ነገር የለም።

አንዳንድ ቀን ከትምህርት ቤት ስመለስ ቆሜ አያቸው ነበር። ጋሼ «አንተ ጥሬ፣ ሌባ በኮሌጅ አይያዝም» ይላሉ። ወንድሜ ደግሞ «ጋሼ፣ መጀመሪያ የራስዎ መኪና ስፖኪዮ ይኑረው» ይላቸዋል። እሳቸው ሳቃቸው ያመልጣቸውና እንደገና ይቀረጻል። ከካሜራ ውጪም ጥሬው እያሉ ነበር የሚጠሩት። ወንድሜ እንደዚያ ሲስቅ ቤት ውስጥ አይቼው አላውቅም።

እናቴ ፊልም አትወድም ነበር። የዓለም ነገር ነው ትላለች። ድንኳኑ ውስጥ ግን እነዚያን ሁለት ሰዎች ስታይ ልቧ ተነካ። አንድ ቀን ለጋሼ እንዲህ ስትላቸው ሰማሁ፦

«እርስዎስ ዘመድ ሆኑ። ሥራዎን ትተው አንድም ቀን አልቀሩብኝም። እግዚአብሔር ይስጥልኝ።»

ጋሼ አንገታቸውን ደፉ። የሚናገሩት ነገር ነበራቸው። ግን የሥራ ወሬ በለቅሶ ቤት አይነሳም። ሁለቱም ንፍሯቸውን እየቆረጠሙ ድንኳኑ እስኪነሳ ጠበቁ። እኛ ሐዘን ነው ብለን አሰብን። ሐዘንም ነበረበት፣ ያንን አልክድም።

ድንኳኑ በተነሳ ማግስት ከበር ጠሩኝ።

«ስማ ብሮ» አለ ሠርግ ቀራጩ። «ፊልሙ አልቋል። ድምፁ ግን ተበላሽቷል። ጋራዡ ውስጥ የብረት መቁረጫው፣ ውጪ ላይ የታክሲ ጡሩምባው። እሱ እንደገና ሊናገረው ተስማምተን ነበር። ሳይደርስ…»

«እና?»

«ድንኳን ውስጥ ውኃ ስታድለን ‹ጠጡ እንጂ› ስትል ሁለታችንም ደነገጥን። እሱ የተናገረ ነው የመሰለን።»

ጋሼ «ልጁን አታስጨንቀው» አሉት። ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ። «አልፈልግም ብትል ማንም አይቀየምህም። ፊልሙም ይቀራል። በቃ።»

እውነታቸውን ነው፤ ድምፃችን አንድ ነበር። እናቴ በስልክ ለይታን አታውቅም። እኔ ስደውል የእሱን ስም ትጠራ ነበር፣ እሱ ሲደውል የእኔን። እሱ ከሞተ በኋላ አንድ ጊዜ ብቻ ደወልኩላት። ገና «እማ» ስል ስልኩ ከእጇ ሲወድቅ ሰማሁ። ከዚያ ወዲህ አልደወልኩላትም። መልእክት ካለኝ ለጎረቤታችን ልጅ እደውላለሁ፣ እሷ ሄዳ ትነግራታለች።

ይህን ለእነሱ አልነገርኳቸውም። ፊልሙ ይቀራል የሚለው ቃል ግን ከበደኝ። እኛ ቤት ወንድሜ ያለባቸው ፎቶዎች ሁሉ ቆሞ የተነሳቸው ናቸው። ፊልሙ ላይ ይሮጣል። አጥር ይዘላል። ይስቃል። እናቴ ሲሮጥ ብታየው ብዬ አሰብኩ። እሺ አልኳቸው።

ስቱዲዮ የተባለው ዓለም ባንክ ሰፈር፣ ኮንዶሚኒየም ውስጥ ያለ አንድ ክፍል ነው። ግድግዳው ላይ ስፖንጅ ለጥፈውበታል። ጆሮዬ ላይ ማዳመጫ አደረጉልኝ። አሠራሩ እንዲህ ነው፦ መጀመሪያ እሱ ያለውን እሰማለሁ፣ ከዚያ አፉን እያየሁ እኔ እለዋለሁ። ከብረት መቁረጫው ጩኸት ሥር የወንድሜ ድምፅ ነበር። እሱ ይላል፣ እኔ ከላዩ እላለሁ። የእኔ ሲገባ የእሱ ይወጣል።

አንድ ቦታ ላይ ጋሼ የሚሉትን ረስተው ዝም ይላሉ። ወንድሜ ይጠብቅና «ጋሼ፣ ተራው እኮ የእርስዎ ነው» ብሎ ይስቃል። ረጅም ሳቅ ነው። እንዲደግሙልኝ ጠየቅሁ።

የድምፅ ባለሙያው «ይሄ እኮ አይገባም፣ ይቆረጣል» አለኝ።

«አውቃለሁ። አንዴ ብቻ።»

ደገመልኝ።

የመጨረሻው ትዕይንት ከበደኝ። ሽማግሌው መርማሪ ተመትተው ወድቀዋል፣ አዲሱ ልጅ አጠገባቸው ተንበርክኮ «ጋሼ፣ አይዞዎት። እኔ አለሁ» ይላል። ያለው ይህንኑ ብቻ ነው። እኔ ግን አልወጣልህ አለኝ። ስለው ድምፄ ይንቀጠቀጣል። የድምፅ ባለሙያው «ጠንከር አድርገው፣ እሱ እኮ እያጽናናቸው ነው» ይለኛል። ጋሼ ጥግ ላይ ተቀምጠው ነበር። ተነስተው ወጡ። በመጨረሻ ወጣልኝ። እንዴት እንደወጣልኝ አላውቅም፤ ልክ እሱን መሰለ።

ወደ ቤት ከመሄዴ በፊት የእሱ ድምፅ ያለበትን ስጡኝ አልኩ። የድምፅ ባለሙያው ደነገጠ። አዲሱ ሲገባ አሮጌውን እያጠፋ ነበር የመጣው፤ ቦታ ስለሚይዝ። ሁልጊዜ የሚሠራው እንደዚያ ነው። የካሜራው ካርድም ቀድሞ ሌላ ሠርግ ተቀርጾበታል። ማንም ተው አላለውም፣ እኔም ቀድሜ አልጠየቅሁም። ያ ሳቅም አብሮ ሄዷል።

ፊልሙ ሲያልቅ በፍላሽ ሰጡኝ። ቴሌቪዥኑ እስከዚያ ቀን ድረስ እንደተሸፈነ ነበር። ነጠላውን እናቴ ራሷ አነሳችው። አጣጥፋ ጭኗ ላይ አደረገችው። ወንድሜ ከጋራዡ በር ወጥቶ «ጋሼ፣ መጀመሪያ የራስዎ መኪና ስፖኪዮ ይኑረው» ሲል እጇን ጉንጯ ላይ አደረገች።

«ይኸው ድምፁ» አለች። «እየረሳሁት ነበር እኮ። ጌታ ይመስገን፣ ይኸው መለሰልኝ።»

ልነግራት አፌን ከፈትኩ። ፊቷን ሳይ ዘጋሁት።

አሁን ከቤተ ክርስቲያን ስትመለስ በየቀኑ ማለት ይቻላል ክፈትልኝ ትላለች። እከፍትላታለሁ። ጋሼ አንድ ቀን ሊጠይቁን መጥተው አብረዋት አዩ። ሲወጡ በሩ ድረስ ሸኘኋቸው። ትከሻዬን ይዘው ቆዩና «አትንገራት» ብለውኝ ሄዱ።

እኔስ? እኔም ልሰማው እፈልጋለሁ። ዓይኔን ጨፍኜ የወንድሜን ድምፅ ለማምጣት ስሞክር የሚመጣልኝ ያ ስቱዲዮ ውስጥ ያልኩት ነው፤ የራሴ። ከሥሩ የነበረውን አጣሁት። እናቴ ያገኘች የመሰላት ዕለት እኔ አጣሁት።

ቤት ውስጥ ብዙ አልናገርም። ብናገር ትለየኛለች ብዬ እፈራለሁ። እናቴ ዝምታዬን ሐዘን ነው ብላ ትጸልይልኛለች።

ዛሬም ጠራችኝ። «ና እንጂ፣ ወንድምህን ስማው» አለችኝ። አጠገቧ ተቀመጥኩ። መጨረሻው ላይ ደረሰ። ወንድሜ ተንበርክኮ አፉን ከፈተ፣ እኔ «እኔ አለሁ» አልኩ። እናቴ ለቴሌቪዥኑ ራሷን ነቀነቀችለት። ከዚያ እጄን ያዘች።