በቁሟ የተለቀሰላት

ከፊት ባሉት ወንበሮች የትምህርት ቤቱ ዲሬክተር፣ የደብራችን መሪጌታ ውቤ፣ ከሲማዳ በእንግድነት የመጡት ግራዝማች አየነው፣ ከእሳቸው ቀጥሎ አባታችን ባሻ ፈንታ ተቀምጠዋል። እናታችን ከሴቶቹ ጋር በባሕር ዛፉ አጥር ሥር ቆማ በነጠላዋ ጫፍ አፏን ሸፍናለች። አልቃሿ ወይዘሮ ይመኙሻል ከመድረኩ በስተግራ፣ ድራማውን ያዘጋጁት ጋሼ ታምራት በስተቀኝ ቆመዋል። የቀረው ሕዝብና ተማሪው ሣሩ ላይ ነበር። እኔ ከመጋረጃው ኋላ ነበርኩ። እህቴ አትጠገብ ከመድረኩ መሐል፣ ቃሬዛው ላይ፣ በነጭ አቡጀዲ ተገንዛ ተጋድማ ነበር። እዚያ ውስጥ መኖሯን ከእኔ በቀር ያወቀ ሰው አልነበረም።

ይህ የሆነው በጃንሆይ ጊዜ፣ እስቴ ውስጥ፣ በትምህርት ቤታችን የወላጆች በዓል ቀን ነው። እኔ የዘጠኝ ዓመት ልጅ፣ የሦስተኛ ክፍል ተማሪ ነበርኩ። አትጠገብ ዐሥራ አምስት ዓመቷ ነው። ስምንተኛ ክፍል ደርሳ ሚኒስትሪ ልትፈተን ጥቂት ወራት ቀርተዋታል። ካለፈች ደብረ ታቦር ሄዳ ዘጠነኛን ትማራለች። ነገር ግን ለግራዝማች አየነው ልጅ ታጭታ ነበር፤ ሠርጉም ከፈተናው በፊት፣ ፋሲካ እንዳለፈ እንዲሆን ተቆርጧል። ትምህርቷን እስክትጨርስ እንዲያቆዩላት አባታችንን ሦስት ጊዜ ለምናለች። በሦስተኛው «ለግራዝማች ቃል ሰጥቻለሁ» አሉና ወደ በሬዎቻቸው ሄዱ።

ደብተሮቿን ከገብሱ ጎታ ኋላ ትሸሽጋቸው ነበር። እንዳነብ ስትሰጠኝ ገጾቹ መሐል ገለባ አገኛለሁ፤ ወረቀቱም ገብስ ገብስ ይሸታል። ከዚያ በኋላ ብዙ ደብተር ገዝቻለሁ። እስከዛሬም አዲስ ደብተር ስገልጥ ያ ሽታ የጎደለው ይመስለኛል።

ጋሼ ታምራት ከዩኒቨርሲቲ ለአንድ ዓመት አገልግሎት የተላኩ የአዲስ አበባ ልጅ ነበሩ። ለበዓሉ አንድ የግሪክ አገር ተረት በድራማ እንሠራለን አሉ። አትጠገብ ተረቱን የነገረችኝ ከምንጭ ስንመለስ፣ እንስራዋን እንዳዘለች ነው።

«ባልየው ክራር መቺ ነው» አለችኝ። «በሠርጓ ቀን እባብ ነደፋትና ሞተች።»

«በሠርጓ ቀን?»

«በሠርጓ ቀን። ታድላ።»

ከዚያ ቀጥላ ባልየው ክራሩን ይዞ ሙታን አገር ድረስ መውረዱን፣ የሙታኑ ንጉሥ በዘፈኑ አዝኖ «ውሰዳት፤ ግን ከዚህ እስክትወጡ ዞረህ እንዳታያት» ማለቱን፣ እሱ ግን መውጫው ላይ ሲደርስ አላስችል ብሎት መዞሩንና እሷ እዚያው ተመልሳ መቅረቷን ነገረችኝ። እኔ ባልየው አሳዘነኝ። እሷ የእንስራዋን ገመድ አጠበቀችና «ላይ ያለውም ታች ያለውም ምን ትፈልጊያለሽ ብሎ አልጠየቃትም» አለች።

መሪጌታ ውቤ ነገሩን ሰምተው ትምህርት ቤት ድረስ መጡ። ከክፍላችን ደጃፍ ቆመው ሲነጋገሩ እሰማለሁ።

«ይህማ የሎጥ ሚስት ናት» አሉ። «በመጽሐፍ ዞራ ያየችው እሷ፣ የጨው ሐውልት የሆነችውም እሷ ናት። በእናንተ ግን ያየው እሱ፣ የጠፋችው እሷ። ዳኛው ማነው?»

«አሳዛኝ የሚያደርገው እኮ እሱ ነው መሪጌታ» አሉ ጋሼ ታምራት እየሳቁ።

«አሳዛኝማ እዚህም ሞልቶናል» ብለው መቋሚያቸውን ይዘው ወጡ።

ለሚስቱ ክራር እየመታ የሚያለቅስ ወንድ ለእስቴ ሰው እንደማይዋጥለት ለጋሼ ታምራት የነገሯቸው የስምንተኛ ክፍል ልጆች ናቸው። እዚህ አገር ለሞተ ሰው ሙሾ የምታወርደው አልቃሽ ነች። ወይዘሮ ይመኙሻልን እናምጣ ያለችው አትጠገብ ነበረች። ወይዘሮዋ እሺ ያሉት ቃሬዛው ላይ ጭድ ብቻ በጨርቅ ተጠቅልሎ እንዲጋደም ካስማሉ በኋላ ነው። «ነፍስ ያለው ነገር እንዳታስተኙብኝ» አሉ። «የእኔ አፍ ቀልድ አያውቅም።» በእኛ አገር በቁሙ የተለቀሰለት ሰው ዓመቱን አይደፍንም ይባላል። እንዲህ ያለችውን ልጅ ደግሞ ለልጁ የሚያጭ የለም። ስለዚህ ለቅሶው በጭዱ ላይ እንዲሆን፣ ሚስቲቱ ከሙታን አገር ስትመለስ ደግሞ አትጠገብ ከመጋረጃው ኋላ እንድትወጣ ተስማሙ።

የበዓሉ ዕለት ጠዋት፣ ግራዝማች የሠርጉን ነገር ለመጨረስ መጥተው ከአባታችን ጋር እንደተቀመጡ አትጠገብ በመጋረጃው ቀዳዳ አየቻቸው። ጭዱን ከአቡጀዲው ውስጥ አራገፈች። ቃሬዛው ላይ ወጥታ እጆቿን ደረቷ ላይ አድርጋ ተኛች።

«ገንዢኝ» አለችኝ።

«ወይዘሮ ይመኙሻል ያያሉ።»

«ፊቴን ሸፍኚው፤ ከእግሬ ላይ ላላ አድርጊው። ግራዝማች ሙት አያጩም፤ እኔም ፈተናዬን እፈተናለሁ። በይ፣ ሰው ሳይመጣ።»

ገነዝኳት። አዲሱ አቡጀዲ የፋብሪካ ሙጫ ይሸታል፤ ጣቶቼ ላይ ተጣበቀ። ፊቷን ስሸፍነው እንዳትስቂ አለችኝ። የሳቀችው ግን እሷ ነበረች።

የፊቱ መጋረጃ ተከፈተ። ወይዘሮ ይመኙሻል ነጠላቸውን ወገባቸው ላይ አስረው ቃሬዛውን እየዞሩ ጀመሩ፦

ሚዜው ከደጅ ቆሞ በቅሎው ተጭኖላት፣
አፈር ቀድሞ ደርሶ ሙሽራን ወሰዳት።

ድራማ መሆኑን ሰው ረሳው። ከአጥሩ ሥር ያሉት ሴቶች ደረታቸውን ይደቁ ጀመር፤ እናታችንም አብራ ታለቅስ ነበር። ሙሾው ሲያበቃ ክራር መቺውን የሆነው ተማሪ ጀርባውን ለቃሬዛው ሰጥቶ መራመድ ጀመረ፤ ጋሼ ታምራትም አትጠገብን ፍለጋ ወደ መጋረጃው ተመለከቱ። እሷ ግን ከቃሬዛው ላይ ተነሣች። አቡጀዲው ከፊቷ ወደቀ።

«ይቺ የባሻ ልጅ አይደለችም እንዴ?» አለች አንዲት ሴት።

«ነበረች» አለች ሌላዋ።

ወይዘሮ ይመኙሻል አፋቸውን በሁለት እጃቸው ይዘው መሬት ላይ ተቀመጡ። «ምን አስደረጋችሁኝ» ሲሉ በቅርብ ያለን ብቻ ሰማን። ክራሩ ቆመ። ልጁ የሚዞርበት ቦታ ላይ ሳንደርስ ተረቱ እዚያው ቀረ።

ግራዝማች ቀስ ብለው ተነሥተው ካባቸውን አስተካከሉ።

«ባሻ፣ እኔ ለልጄ ያጨሁት በሕይወት ያለች ልጅ ነበር።»

«የልጆች ጨዋታ ነው ግራዝማች» አሉ አባታችን።

«በለቅሶ ሲጫወቱ አላየሁም። እግዜር ያጥናዎት።»

ለሐዘንተኛ እንደሚደረገው እጃቸውን ዘርግተው አባታችንን ጨበጡና በቅሏቸውን አስመጡ። ያን ጊዜ አትጠገብን አየኋት። መድረኩ ላይ ቆማ፣ የአቡጀዲው ጫፍ እግሯ ላይ እንደተጠመጠመ፣ ፈገግ ብላ ነበር።

እሷ ከጓደኞቿ ጋር ዕቃ ልታነሣ ቀረች። እኛ ወደ ቤት ሄድን፤ አባታችን ከፊት፣ እናታችን ቀጥላ፣ እኔ ከኋላ። ወንዙ ጋ ስንደርስ አባታችን ቆሙ። ጠብመንጃቸውን ከትከሻቸው አውርደው ይዘውታል።

«ብርቄ፣ ያ አስተማሪ ነው ያስተኛት?»

«አይደሉም አባባ። ራሷ ናት። ግራዝማች አይተው እንዲተዋት ብላ ነው።»

«ማን ገነዛት?»

«አላውቅም» አልኩ።

ጋሼ ታምራትን ላድን ብዬ ነው እያልኩ ብዙ ዓመት ኖሬአለሁ። ያን ዕለት ግን አባታችን ጎንበስ ብለው ዓይን ዓይኔን እያዩ ሲጠይቁኝ የመጀመሪያዬ ነበር፤ የተናገርኩትም ስለዚያ ይመስለኛል። ጠብመንጃቸውን መልሰው አንግተው ወንዙን ተሻገሩ።

ቤት ስንደርስ በግቢው መሐል ባዶ መሬት ላይ ተቀመጡ። ለጎረቤት ሁሉ «ባሻ ለቅሶ ተቀምጠዋል በሉ» ብለው ሰው ላኩ። እናታችንን ንፍሮ እንድትቀቅል አዘዟት።

«ማን ሞቶ?» አለች እናታችን።

«ስታለቅሽላት የዋልሽው።»

እናታችን ድስቱን ጣደች።

ሰው መጣ። አባታችን የሚፈሩ ሰው ነበሩ፤ ጠርተው የሚቀርባቸው የለም። «እግዜር ያጥናዎት» እያሉ እየገቡ ግድግዳውን ተደግፈው ተቀመጡ። አንዱ ጎረቤታችን ለሌላው «ሬሳው በእግሩ እየመጣ ነው፤ ቀባሪ አያስቸግርም» ሲለው ሰማሁት። ሌላው በጋቢው ሳቁን ሸፈነ።

መሪጌታ ውቤ ሳይቀመጡ «ባሻ፣ ይህ ከልጆቹ ጨዋታ ይከፋል» አሉ። «በሕይወት ላለች ነፍስ ፍትሐት የለም።»

«ፍትሐት አልጠየቅሁዎትም። ለቅሶ ነው።»

«መቼ ነው የሚነሣው ይህ ለቅሶ?»

«ሙት ሲመለስ» አሉ አባታችን።

መሪጌታም ተቀመጡ። እናታችን ስንዴና ባቄላውን በሰፌድ ዘርግታ ሰጠችኝ፤ እኔ ለሰው ማዞር ጀመርኩ።

ፀሐይ ዘንበል ስትል አትጠገብ ከጉብታው ላይ ብቅ አለች። ሰዉ መሬት ላይ ተደርድሮ ተቀምጦ አየች። በእኛ አገር ለቅሶ ቤት ዝም ተብሎ አይገባም፤ ከሩቅ እያለቀሱ ነው የሚመጣው። የያዘቻቸውን ደብተሮች መንገዱ ላይ ጣለች፤ ነጠላዋን ወገቧ ላይ አስራ «እናቴን፣ እናቴን» እያለች ደረቷን እየመታች ወረደች። የሞተችው እናታችን መስላት ነው። እንዲህ እያለቀሰ የሚመጣ ሰው ሲኖር የተቀመጠው ሁሉ ተነሥቶ አብሮት ያለቅሳል። ያን ዕለት የተነሣ አልነበረም።

በሩ ጋ ስትደርስ እናታችንን ድስቱ አጠገብ አየቻትና ድምፅዋ ቆመ። ዓይኗ ከሰው ወደ ሰው ሄደ፤ አባታችንን አገኘች፣ እኔንም አገኘች። ከቤታችን የጎደለ ሰው አጣች።

«ማነው የሞተው?» አለች።

ዓይኗን እኔ ላይ አሳረፈች።

«ብርቄ፣ ማነው?»

ሰፌዱን አየሁ። እናታችን ፊቷን ወደ ጭሱ አዙራ ነበር። አባታችን ቀና ሳይሉ «ብርቄ፣ ንፍሮ ያልዘገነ ሰው አለ?» አሉኝ። ከቀረሁበት ቀጥዬ አዞርኩ። መጨረሻው ከበሩ ጋ ነው። አትጠገብ ከጠዋት ጀምሮ እህል አልቀመሰችም፤ ነገሩ ገና ስላልገባት ይሆናል፣ እጇን ዘረጋች።

«እዚያ ጋ ማንም የለም» አሉ አባታችን። «እለፊ።»

ዞሬ ሳላይ አለፍኩ።

እኔ ዐሥራ ሁለተኛን ጨርሻለሁ። አባታችን አንድም ቀን ከትምህርት አላስቀሩኝም፤ ለማንም አላጩኝም። ለምን እንደሆነ አልጠየቅኋቸውም፤ እሳቸውም አልነገሩኝም። ያን የግሪክ ተረት ከዚያ ወዲህ በብዙ መልክ አይቼዋለሁ። ደብረ ታቦር ስማር በአንድ መጽሐፍ ውስጥ በእብነ በረድ ተቀርጾ ፎቶግራፉን አየሁ። አዲስ አበባ በትልቅ አዳራሽ፣ በማላውቀው ቋንቋ ሲዘፈን ሰምቻለሁ። በቅርቡም የልጅ ልጄ በስልኳ የድራማቸውን ፎቶዎች አንድ በአንድ አሳየችኝ፤ በትምህርት ቤታቸው ሠርተውት፣ ሙት የሆነችው እሷ ነበረች፤ ወላጆች ቆመው አጨብጭበውላታል። እኔም ስልኩን እያየሁ አጨበጨብኩላት። በሁሉም ቦታ የሚታየው ባልየው ሲዞር ነው፤ ሰውም ስለ መዞሩ ያዝንለታል። ያልዞረ ሰው የቀረጸ አላገኘሁም።

አትጠገብ እጇን እንደዘረጋች ትንሽ ቆየች። ከዚያ ሰበሰበችው። የተቀመጠውን ሰው ከዳር እስከ ዳር አየችና ነጠላዋን ከወገቧ ፈትታ ተከናነበች። ወደ ጉብታው ወጥታ የጣለቻቸውን ደብተሮች ለቀመች፤ አንዱን ከፍታ አቧራውን አራገፈች። በደብረ ታቦር መንገድ ሄደች።