የጋሼ አበጀ ካባ

የጠበቃ ጥቁር ካባ ባየሁ ቁጥር ጉልበቴን ይበላኛል። ባለፈው ሳምንት ጋሼ አበጀ በትውልድ ከተማቸው በአርብ ገበያ ሲቀበሩም፣ ካባ ለብሰው አስከሬኑን ካጀቡት ጠበቆች አጠገብ ቆሜ ጉልበቴን ሳክ ነበር።

ልጅ እያለሁ የጋሼ አበጀ ካባ የሚውል የሚያድረው እኛ ቤት ነበር። የአርብ ገበያ ሰው ናቸው፤ ለችሎት ወደ እኛ ከተማ ወደ ንፋስ መውጫ መጥተው ሲመለሱ የመንገዱ አቧራ እንዳያበላሽባቸው ለእማዬ ትተውላት ይሄዳሉ። ቤታችን ከፍርድ ቤቱ አጥር ሥር ነው። እማዬ ታጥበውና ከበሩ ጀርባ ትሰቅለዋለች። ለድምፃቸው ብለው ቅርንፉድ ስለሚያኝኩ ካባው ቢታጠብም ቅርንፉድ ቅርንፉድ ይሸታል። እኔና እህቴ ሰው ሳያየን አውርደን ችሎት እንጫወትበት ነበር፤ እሷ ዳኛ፣ እኔ ጠበቃ፣ ድመቷ ተከሳሽ።

አባቴ እንደሞተ ታላቅ ወንድሙ የገብስ ማሳችንን አርሶ ዘራበት። እማዬ ከዚያ ሌላ መሬት አልነበራትም። ጋሼ አበጀ ጉዳዩን ያለ ክፍያ ያዙላት፤ ምስክሩንም ወረቀቱንም ሰብስበው እሳቸው ዘንድ አደረጉት። በዚያው ዓመት ለክልል ምክር ቤት ተወዳደሩ። እማዬ ሳይነጋ ተሰልፋ መረጠቻቸው። አሸንፈው ወደ ባሕር ዳር ሲሄዱ እማዬን በስሟ ጠርተው፣ «እቴ ጥሩ፣ ለቀጠሮው እደርሳለሁ። ካባዬን ጠብቂልኝ» አሏት። ውሃ ሲወስድ አሳስቆ ነው።

በቀጠሮው ቀን እማዬ ካባውን በክንዷ አጥፋ ፍርድ ቤቱ በር ላይ ቆመች። ከመኪና ወርደው በቀጥታ ይመጡ ይሆናል፣ ያለ ካባ ደግሞ ዳኛው አያናግሯቸውም ብላ ነው። ትምህርት ቤት ቀርቼ አብሬያት ነበርኩ። ንፋሱ ካባውን ይነጥቃታል፣ መልሳ ታጥፈዋለች። የመኪና ጡሩምባ በሰማች ቁጥር ወደ መንገዱ ትዞራለች። አልመጡም። ዳኛው ሌላ ቀጠሮ ሰጧት፤ ያን ቀንም ካባውን ይዛ ቆመች። ስማችን ሲጠራ ብቻዋን ገባች። ማስረጃሽ የታለ ሲሏት፣ «በጠበቃዬ እጅ ነው ጌታዬ። ካባቸው ይኸውና፣ አሁን ይመጣሉ» አለች። ከኋላ የሳቀ ሰው ነበር። ማሳው ለአጎቴ ተፈረደ።

ኋላ እንደሰማነው አጎቴ በየቀበሌው እየዞረ ለጋሼ አበጀ ድምፅ ሲያሰባስብ የከረመ ሰው ነው። ጎረቤቶቻችን ባሕር ዳር ጠበቃ አላት ለማለት «ላም አለኝ በሰማይ» ይሏት ጀመር። ጋሼ አበጀ ለካባቸው እንኳ ሰው አልላኩም። መስከረም ላይ ትምህርት ሲከፈት እማዬ መቀስ አነሳች፤ ካባውን ቀደደችውና ሱሪ ሰፋችልኝ። ጨርቁ ሻካራ ነው፣ ጉልበቴን ይበላኛል፤ ዝናብ ሲነካው ያ የቅርንፉድ ሽታ ይነሳል። ልጆቹ «ጠበቃው» ይሉኝ ጀመር። ሱሪውንም ሰውየውንም አምርሬ ጠላሁ።

ያኔ ሳድግ ይረሳኛል ብዬ ነበር። ይኸው የልጆች አባት ሆኜም አልረሳኝም። ማሳውን ዛሬ የአጎቴ ልጆች ያርሱታል፤ እማዬ ለጠላዋ የሚሆነውን ገብስ ከገበያ ትሸምታለች።

በቀብሩ ላይ የጋሼ አበጀ የሕይወት ታሪክ ተነበበ። የምክር ቤት ዘመናቸው ተወሳ፤ ቀጥሎም «ለደሀ መበለቶች ያለ ክፍያ የቆሙ ጠበቃ» ተባለ። እማዬ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ከጎኔ ቆማለች። ወደ ጆሮዬ ጠጋ አለች።

«እሱስ እውነት ነው» አለችኝ፤ «ልጄን ሱሪ አልብሰውልኛል።»