ለዝምታ የተወረወረ ሳንቲም

ቢሻምበር ሱሪ ፊልሙ በሚከፈትበት አርብ የክብር ወንበር ላይ ተቀምጦ አያውቅም። አንገቱን በሻርፕ ጠቅልሎ፣ ስክሪኑ ሥር ካለው ርካሽ አግዳሚ ላይ ይሸጎጣል። እዚያ የሚቀመጠው የቦምቤይ ወዛደር ይሉኝታ አያውቅም፤ ከሰለቸው ሲጃራውን አውጥቶ ውልቅ ይላል፣ ከወደደ ደግሞ ኪሱን ዳብሶ ስክሪኑ ላይ ሳንቲም ይወረውራል። ለቢሻምበር ከዚህ ሌላ ዳኛ የለም።

ከላሆር ባዶ እጁን ተሰድዶ መጥቶ፣ ስድስት ዓመት ካሜራ ፊት የቀረጻ ማስጀመሪያ ሰሌዳ ሲያጋጭ ኖሮ ነው ዳይሬክተር የሆነው። የመጀመሪያ ፊልሙ ሃያ አምስት ሳምንት ታየ። ቀጥሎ የሠራቸው ሦስቱ ግን ወር እንኳ ሳይሞላቸው ተራ በተራ ወደቁ። ፕሮዲውሰሩም አላድበሰበሰም፦ "የሚቀጥለውም ከወደቀ በሬን እንዳታንኳኳ። ሌላ የሚከፍትልህም አታገኝም።"

ታዲያ ይህን እየሰማ ሰውየው ምን ቢያደርግ ጥሩ ነው? የዜማ ደራሲው ኡስታድ ላቲፍ ለአዲሱ ፊልም የሠሩትን ምርጥ ዘፈን አውጥቶ ጣለው! በዘፈኑ ቦታ ባሏ ጥሏት የሄደ ሴት በባዶ እግሯ ክፍል በክፍል እየዞረች ቤቷን ትዘጋለች። ስድስት ደቂቃ ሙሉ ቃል የለ፣ ዜማ የለ፣ ኮቴ የለ።

ኡስታድ ላቲፍ እኮ ሕንድና ፓኪስታን ሲከፈሉ በነበረው የእርድ ዘመን፣ ሂንዱና ሙስሊም በማይተያይበት ጊዜ፣ ይህን ሂንዱ ስደተኛ ቤታቸው አስገብተው ያበሉት ሽማግሌ ናቸው።

"አንተ ልጅ፣ ጤና የለህም እንዴ?" አሉት። "ሰው ሳንቲም የሚወረውረው ለዘፈን ነው። ለዝምታ የሚወረውር ካገኘህ ጥራኝና እግርህን ልሳም!"

"ኡስታድ፣ እዚህ ጋ ዘፈን ከገባ ሴትየዋ ዋሸች ማለት ነው።"

"እንግዲያው ውሸታሙ እኔ ነኛ!" ብለው በሩን ደርግመውት ወጡ። አምስት ወር ተኳርፈው ቆዩ።

አርብ ደረሰ። ያቺ የስድስት ደቂቃ ቦታም ደረሰች። በመጀመሪያው ደቂቃ አንዱ ሳለ። በሁለተኛው ፉጨት ተጀመረ። ከፊት ያለ ባለጢም ጎረምሳ ሲጃራውን ከንፈሩ ላይ ሰክቶ ብድግ አለ። 'ተቀመጥ፣ ስለ ፈጠረህ ተቀመጥ!' አለ ቢሻምበር በልቡ። ድንገት ስክሪኑ ጨለመ፣ መብራት ቦግ አለ።

"ድምፁ ሞቷል!" እያለ አዳራሹ ተንጫጫ። "ገንዘባችንን መልሱ!"

ቢሻምበር ደረጃውን ሦስት ሦስት እየዘለለ ወደ ማጫወቻው ክፍል ወጣ። አጫዋቹ ጋንፓት ማሽኑን ከፍቶ ይጎረጉራል።

"ምን እያደረግህ ነው?"

"ጆሮ የለህም? ድምፁ ተበላሽቷል!"

"አልተበላሸም! እኔ ነኝ ያጠፋሁት!"

"አንተ ደግሞ ማነህ?"

"ዳይሬክተሩ።"

ጋንፓት ከእግር እስከ ራሱ አየው፤ ያን ሻርፕ ጨምሮ። "ሃያ ሁለት ዓመት ፊልም ሳሳይ ስድስት ደቂቃ አፉን የዘጋ አላጋጠመኝም። ወንበር ቢሰባበር ተጠያቂው አንተ ነህ!"

"እሺ፣ እኔ ልጠየቅ። ብቻ ከመነሻዋ አስጀምርልኝ፣ ወንድሜ።"

ጋንፓት እያጉረመረመ ፊልሙን መለሰ። ከዚያ አንገቱን በመስኮቷ አውጥቶ "ድምፁ ደህና ነው!" ብሎ ጮኸ። "ዝም ያለችው ሴትየዋ ናት!"

ሰዉ ሳቀ። መብራት ጠፋ። ቢሻምበር ወርዶ ተቀመጠ። ሴትየዋ የመጀመሪያውን በር ዘጋች። ባለጢሙ አሁንም እንደቆመ ነው።

"ቁጭ በል እንጂ፣ አንተ ግንድ!" አለው አንድ ሰው ከኋላ። ተቀመጠ፤ ሲጃራው አልተለኮሰም። ሁለተኛው በር። ሦስተኛው። የሚያፏጭ የለም፣ የሚወጣ የለም። ሴትየዋ የመጨረሻውን ቁልፍ አዙራ ደጃፉ ላይ ቆመች።

ሳንቲም ግን አልተወረወረም። ቢሻምበር ሻርፑን ወደ ዓይኑ ሳበ። 'አበቃልኝ። ሽማግሌው ልክ ነበሩ' አለ።

ቅጭል!

አንዲት ሳንቲም ከበሩ በኩል በርራ መጥታ ከስክሪኑ ተጋጭታ ወደቀች። ዞር ሲል ኡስታድ ላቲፍ ከበሩ አጠገብ ዘንጋቸውን ተደግፈው፣ ዓይናቸውን በጋቢያቸው ጫፍ ይጠርጋሉ።

"ምን ታፈጥብኛለህ? ፊልሙን እይ!" ብለው ጮኹበት።

ፊልሙ ሠላሳ አንድ ሳምንት ታየ፤ ቢሻምበርም ፀጉሩ እስኪሸብት በዳይሬክተርነት ኖረ። ይህ ሁሉ ግን በኋላ የመጣ ነው። የዚያን ቀን ሰዉ ሲወጣ ሽማግሌው በሩ ላይ ጠበቁት። "ቃል ቃል ነው፣ እግርህን አምጣ" ብለው በዚያ በታመመ ወገባቸው ጎንበስ ማለት ሲጀምሩ፣ ቢሻምበር ቀድሟቸው እግራቸው ላይ ወድቆ ነበር።